አስራ አንደኛው ደረሰኝ

እትዬ ልክ ሞታ የተገኘችው በሥራ ክፍሏ ውስጥ፣ ልብስ መቁረጫ ጠረጴዛዋ ሥር፣ ሜትሯ አንገቷ ላይ እንደተንጠለጠለ ነው። ሰፈሩ ይህን ስም ያወጣላት አርባ ዓመት ሙሉ የሰው ትከሻና ወገብ ስትለካ በአንዲት ጣት እንኳ ተሳስታ ስለማታውቅ ነበር። አጠገቧ በርጩማ ተገልብጧል። ከላይኛው መደርደሪያ የወረደ ግራጫ ጥቅል ጨርቅ ወለሉ ላይ ተዘርግቷል። የጠረጴዛው ጠርዝ ላይ ትንሽ ደም ይታያል።

«ግልጽ ነው» አለ ቀድሞ የደረሰው ፖሊስ። «ጨርቅ ልታወርድ ወጣች፣ ሚዛኗን ሳተች፣ ወደቀች። ዕድሜ ነዋ!»

«ቆይ» አለች መርማሪዋ።

ባልደረቦቿ በሌለችበት «ቆይ ቆይ» ነው የሚሏት። ጡረታ ለመውጣት ስምንት ወር ቀርቷታል፤ ጉልበቷን ያማታል፤ ዐይኗ ግን አላረጀም። ጎንበስ ብላ የሟቿን ፊት አየች። አፍንጫዋ ላይ ወፍራም መነጽር አለ።

«ይህ የማንበቢያ መነጽር ነው። ይህን አድርጎ በርጩማ ላይ የሚወጣ ሰው የገዛ እግሩን አያይም።»

«አታደርገውም!» አለች በሩ ላይ የቆመች ቀጭን ወጣት። ለቅጥነቷ «መርፌ» የሚል ስም የወጣላት ይህች ልጅ እትዬ ልክ ዘንድ ሙያ ስትማር፣ ከእሷም ጋር ስትኖር ዘጠኝ ዓመቷ ነው። ሬሳውን ያገኘችውም እሷ ናት። «ከወንበር ስትነሳ መጀመሪያ መነጽሯን ነው የምታወልቀው። ካላወለቅሁት ወለሉ ይሸሸኛል ትላለች።»

ፖሊሱ ማስታወሻውን ዘጋ። መርማሪዋ ወደ ጠረጴዛው ዞረች።

ጠረጴዛው ላይ የወሩ የባንክ ካርድ መግለጫ ተዘርግቷል። አስራ አንድ ወጪ አለው፤ ከእያንዳንዱ ወጪ ጎን ደረሰኙ በስፒል ተሰክቷል። የእትዬ ልክ ልማድ ነው፤ መግለጫው በመጣ ቁጥር ደረሰኞቿን አውጥታ የቀሚስ ጠርዝ እንደምትይዝ አድርጋ ከየመስመራቸው ጋር ትሰካለች። መርማሪዋ ጣቷን በስፒሎቹ ላይ ከላይ ወደ ታች አሳለፈች። አስሩ አግድም ተሰክተው ራሳቸውን ወደ ቀኝ አውጥተዋል፤ በአንድ ጣት ሳብ ቢያደርጓቸው ይወጣሉ። አንዱ ግን ጫፉ ወደ ኋላ ተመልሶ ወረቀቱ መሃል ተደብቋል።

«አስራ አንዱም ተሟልቷል» አለች።

መርፌ ቀረብ ብላ አየችና ፊቷ ተለዋወጠ። «አስር ነበር እኮ! ይሄኛው መስመር ከሦስት ቀን ጀምሮ ባዶ ነበር። አራት ሺህ ስምንት መቶ፣ ስሙን ሰምተነው ለማናውቀው ድርጅት የተከፈለ። ማነው ያወጣው ብላ እኔንም፣ የእህቷን ልጅም፣ ፎቅ ላይ ያሉትን ጋሼንም ጠየቀች። ሁላችንም አናውቅም አልን።»

አሁን የተሰካው ደረሰኝ የአንድ ትልቅ መደብር ነው፤ ሰሌዳውን ከተማው ሁሉ ያውቀዋል። ከግርጌው ግን በደቃቅ ፊደል የባለቤቱ ድርጅት የተመዘገበ ስም አለ፤ መግለጫው ላይ የሰፈረው ያ እንግዳ ስም። የተገዛው «ልዩ ልዩ ዕቃ» ይላል፤ ሌላ ነገር የለውም።

«ዛሬ ጠዋት የት ነበርሽ?»

«ክር ግዢ ብላ ካርዱን ሰጠችኝ። ሱቁ ስደርስ ሦስት ሰዓት ተኩል ሊሆን ምንም አልቀረውም ነበር። ካርዱ አልሠራም። ሻጩ ደጋግሞ ሞከረና ‹ተዘግቷል፤ ያንቺ ነው?› አለኝ፣ ሰው ሁሉ እየሰማ። ገባኝ። እኔን ጠርጥራ ነው ያዘጋችው። መንገድ ዳር ተቀምጬ አለቀስኩ። አራት ሰዓት ላይ ልጣላት ነበር የመጣሁት።»

«ያየሽ ሰው አለ?»

«የለም። ብታስሩኝም ግድ የለኝም። ሌባ ብላኝ ነው የሞተችው? እሱን ብቻ ንገሩኝ።»

መርማሪዋ የማታውቀውን ነገር ቃል አትገባም። ልጅቷ ያለ ምስክር፣ ተናድዳ፣ ካርዱን ይዛ ነው የመጣችው። ለሰነፍ መርማሪ ይህን ያህል ይበቃው ነበር።

የሥራ ክፍሉን አስቆልፋ የቀሩትን ሁለቱን ሳሎን ውስጥ አነጋገረች። ፎቅ ላይ የተከራዩት ሽማግሌ ሰዓት ሠሪ ናቸው።

«ሦስት ሰዓት ከአርባ አንድ ደቂቃ ላይ ታች አንድ ነገር ጓ ብሎ ወደቀ» አሉ።

«ከአርባ አንድ? እርግጠኛ ነዎት?»

«አንቺ ልጅ፣ ሥራዬ ምን ይመስልሻል? ጥቅል ጨርቅ መስሎኝ ነው እንጂ እወርድ ነበር። ባልሰንፍ ኖሮ…» ብለው አንገታቸውን ደፉ።

የእትዬ ልክ የእህት ልጅ የመጣው አምስት ሰዓት ላይ ነው፤ ተደውሎለት ከመሥሪያ ቤቱ። የአንድ መድን ድርጅት መዝገብ ቤት ኃላፊ ነው፤ የጫማው ማሰሪያ እንኳ እንደ ፋይል ተስተካክሎ የታሰረ ነው።

«ጠዋት የት ነበርክ?»

«ሥራ ላይ፣ መደርደሪያ መሃል። እዚያ ሰው ሰውን አያይም።»

«አክስትህ ስለ አንድ ያልታወቀ ወጪ ስትጠይቅ ነበር አሉ።»

«አዎ፣ አሮጊት አይደለች? የራሷን ግዢ ረስታው ነው። መዝገብ ቤት አንድ ነገር አስተምሮኛል፤ የሚከፈተው የጎደለ ፋይል ነው፣ የተሟላውን ማንም አይነካውም። የእሷ ወረቀት ደግሞ ተሟልቷል። ምን ያስጨንቀናል?»

መርማሪዋ ራሷን ነቀነቀች። ለሦስቱም ወረቀት አድላ ቃላቸውን እንዲጽፉ አደረገች፤ የሁሉም ሁለት ሁለት ገጽ ሆነ። «ገጾቹን አያይዙልኝ» ብላ ለእያንዳንዳቸው አንድ አንድ ስፒል ሰጠች። ማንም ከቁብ አልቆጠረውም።

በማግስቱ ከሰዓት በኋላ ሁሉም ሥራ ክፍሉ ውስጥ ተሰበሰቡ። ፖሊሱ በሩ ጋ ቆሟል። መስኮቱ አጠገብ ማንም የማያውቀው ወጣት ተቀምጧል፤ የባንኩ የቅሬታ ክፍል ሠራተኛ ነው። የእትዬ ልክ ወንበር ባዶውን ነበር፤ ማንም አልተቀመጠበትም።

«ሟቿ በርጩማ ላይ አልወጣችም» ብላ ጀመረች መርማሪዋ። «መነጽሯ እንደሚናገረው ተቀምጣ እያነበበች ነበር። በርጩማውንና ጨርቁን ሌላ ሰው ነው ያዘጋጃቸው፣ ያውም ተቻኩሎ። ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል።

«አሁን ወደ ካርዱ። መርፌ ሱቅ ውስጥ ካርዱ እምቢ ሲላት ሰዓቱ ሦስት ተኩል ገደማ ነው። ካርድ ዝም ብሎ አይዘጋም። ባንኩን ጠየቅሁ። እትዬ ልክ ሦስት ሰዓት ከሩብ ላይ ደውላ ያንን ወጪ አላውቀውም፣ ደረሰኝም የለኝም ብላ አስመዝግባለች። ባንኩም የሻጩን ቅጂ አስመጣለሁ ብሏታል። እንግዲህ ልብ በሉ፤ ሦስት ሰዓት ከሩብ ላይ በዚህ ቤት ያልነበረ ደረሰኝ አራት ሰዓት ላይ እዚህ ተሰክቷል። ደረሰኝ የሚሰጠው ለገዢው ነው። ያመጣው የገዛው ነው።»

«ያቺ ልጅ ናታ!» አለ የእህቷ ልጅ። «ካርዱ በእጇ!»

«ቆይ። መርፌ ብትሆን መስመሩ ባዶ ነበር ብላ ለምን ትነግረኛለች? ደግሞ አሰካኳን እዩት።» ሦስቱን ጽሑፎች ጠረጴዛው ላይ ዘረጋች። «እሷ እንደ አስተማሪዋ አግድም ሰክታ ራሱን ወደ ቀኝ አወጣችው። ጋሼ ስፒሉን ለብቻው መለሱልኝ።»

«እኔ ሰዓት እንጂ ወረቀት አያይዤ አላውቅም» አሉ ሰዓት ሠሪው።

«አንተ ግን ጫፉን መልሰህ ወረቀቱ መሃል ደበቅከው። በቀን መቶ ፋይል የሚያገላብጥ ሰው እጁ እንዳይወጋ የሚያደርገው ነው። አስራ አንደኛው ደረሰኝም እንዲሁ ተሰክቷል። ይህ ብቻ ቢሆን አልፈርድብህም ነበር። ነገር ግን ትናንት ወረቀቷ ተሟልቷል አልከኝ። ይህ ክፍል ተቆልፎ ነበር፤ ከሦስት ቀን በፊት ደግሞ መስመሩ ባዶ መሆኑን ከራሷ አፍ ሰምተሃል። መሟላቱን የት አየኸው? ስትገዛ የቀረጸህ የመደብሩ ካሜራ ምስልም እዚህ አለ።»

የእህቷ ልጅ ጽሑፉን ወደ ጎን ገፋው። «ካርዱ ክር ሳጥኑ ውስጥ ነበር… ልመልሰው ነበር። ትናንት ደረሰኙን ይዤ መጥቼ ለመንኳት፤ ደውይና ሰርዢው፣ በስርቆት ስሙ የተነሳ ሰው መዝገብ ቤት አይቀመጥም አልኳት። ‹አንተው ደውልና ስህተትህን ተናገር፣ እኔም አጠገብህ እቆማለሁ› አለች። እምቢ ስላት ራሷ ልትደውል ስልኩን አነሳች፤ ከእጇ ልቀማት ስል…» ጠረጴዛውን አየና ዐይኑን መለሰ። «መስመሩ ከተሟላ ማንም አያየውም ብዬ ነው።»

ፖሊሱ ይዞት ወጣ። ሰዓት ሠሪው እንባቸውን እየጠረጉ ደረጃውን ወጡ።

መርፌ ግን አልተነሳችም። ወደ ባንኩ ሠራተኛ ዞረች። «በእኔ ምክንያት ነው ያዘጋችው?»

ወጣቱ መርማሪዋን አየ፤ እሷም ራሷን ነቀነቀችለት። የእትዬ ልክን የተቀዳ የስልክ ጥሪ ከፈተው።

«ካርዱን ከእርስዎ ሌላ የሚጠቀም ሰው አለ?»

«ልጄ።»

«ምናልባት እሷ ትሆን? ጠይቀዋታል?»

«ጠይቄአታለሁ። አይደለሁም አለች፣ አለቀ። እሷን እዚያ ውስጥ እንዳትጽፋት።»

«እሺ እናቴ። ካርዱ አሁን ይዘጋል።»

«ቆይ፣ ቆይ! አሁን አትዝጋው። ልጄ ክር ልትገዛ ይዛው ወጥታለች። ሰው ፊት ታፍርብኛለች።»

«ቅሬታው ሲመዘገብ ራሱ ነው የሚዘጋው፣ እናቴ።»

«እንግዲያው ቆይተህ መዝግበዋ። ግማሽ ሰዓት ብቻ። ስትመለስ እደውላለሁ።»

«ተመዝግቧል እኮ።»

የመቀሷ ድምፅ ተሰማ። ከዚያ፣ «ውይ፣ ልጄን!»

መርፌ በሁለት እጇ የጠረጴዛውን ጠርዝ ያዘች። «ዘጠኝ ዓመት ሙሉ መርፌ ነው ስትለኝ የኖረችው» አለች። «ሌላ ብላኝ አታውቅም።»

ወጣቱ መሣሪያውን ሊዘጋ እጁን ዘረጋ።

«ቆይ» አለች። «እንደገና አሰማኝ።»