በሃያ ሕፃናት የተሞከረ

«ሃያ» አለች ሳጂዳ፤ ጻፈችም።

«ምኑ ነው ሃያ?» ሰብሊ ከኪሮሽ መርፌዋ ቀና አላለችም። የበጉን ግራ ጆሮ ለመጨረስ ሦስት ዙር ቀርቷታል፤ መሃል ላይ ካቋረጠች ቁጥሩ ይጠፋባታል።

«ቅጹ ‹ሥራው በስንት ተጠቃሚ ተሞከረ?› ይላል። ሃያ ሕፃናት፣ ለአንድ ወር።»

የሰብሊ መርፌ ቆመ። ቁጥሩም ጠፋ። «ሳጂ፣ በማንም አልሞከርነውም እኮ።»

«ታዲያ ዜሮ ብዬ ልጻፍ? ዳኞቹ የሃያ ልጅ እናት ጠርተው አይጠይቁም። አታካብጂ፣ ፕሊስ።»

ቦሌ ሚካኤል፣ ሳጂዳ ቤት፣ ሳሎኑ ወለል ላይ ክር በትነው ተቀምጠዋል። ዕለቱ ረቡዕ ነው። ዓርብ የትምህርት ቤታቸው የፈጠራ ሥራ ዐውደ ርዕይ አለ፤ ያሸነፈው ሥራ ትምህርት ቤቱን ወክሎ ክፍለ ከተማ ይቀርባል። ሁለቱ ዘጠነኛ ክፍል ከገቡ ጀምሮ ስለዚህ ቀን ሲያወሩ ከርመዋል። ሥራው የተከፋፈለው ያለ ብዙ ክርክር ነው፤ ሰብሊ በእጇ፣ ሳጂዳ በአፏ።

የሠሩት መጽሐፍ ነው፤ ማንበብ የማይችሉ ሕፃናት በጣታቸው የሚያነቡት፣ ከዳር እስከ ዳር በኪሮሽ የተሠራ። የመጀመሪያው ገጽ ላይ በግ አለ፤ ጸጉሩ ጣት የሚያስገቡ ረጃጅም የክር ቀለበቶች ነው። ከበጉ አጠገብ ትልቅ «በ» መሃሉ ላይ በአንዲት ቁልፍ ተሰክቷል። ቀጥሎ በሩ በዚፕ የሚከፈት ሰማያዊና ነጭ ሚኒባስ ይመጣል። ከዚያ የጨቅላ ጡጫ የሚያክሉ፣ ከቁልፋቸው የሚለቀሙ ቲማቲሞች፤ ከዚያ ክሩ የሚታሰር ጫማ። ሁለት ወር ፈጅቷል።

ሰብሊን ኪሮሽ ያስተማሯት የሳጂዳ እናት፣ እትዬ ፈዲላ ናቸው። እሳቸው ቤት ቴሌቪዥኑም፣ ፍሪጁም፣ የሶፋው ክንድም ነጭ ኪሮሽ ለብሷል፤ ኪሮሹ ደግሞ በላዩ ላስቲክ ለብሷል። በዚህ ቤት ኪሮሽ ይታያል እንጂ አይነካም። ሰብሊ የመጀመሪያውን ሰንሰለት ከመማሯ በፊት የተማረችው እጅ መታጠብ ነበር።

አሁንም እትዬ ፈዲላ ብስኩት ይዘው ገቡና መጽሐፉን አዩት። «ሲያምር። በሉ ላስቲክ ውስጥ ክተቱት፤ ልጅ እንዳይነካው።»

ሰብሊ ሳቀች። «እትዬ ፈዲላ፣ ልጅ እንዲነካው እኮ ነው የተሠራው።»

እትዬ ፈዲላ ትንሽ አሰቡ። «እሱስ ልክ ነሽ። ብቻ ረጋ ያለ ልጅ ይሁን» ብለው ወጡ።

ሰብሊ መጽሐፉን አክስቷ ወደምትሠራበት የሕፃናት ማቆያ እንውሰደው ብላ ሦስት ጊዜ ጠይቃለች። ሦስቱንም ጊዜ ሳጂዳ «ይቆሽሻል» ብላለች። አሁን አራተኛ ጊዜ ልትጠይቅ አፏን ከፈተችና ተወችው። ማሸነፉን እሷም ትፈልገዋለች። ጆሮውን ፈታ ከመጀመሪያው ዙር ጀመረችው።

ሲመሽ ጆሮው ገና ነበርና ቤቷ ልትጨርሰው መጽሐፉን በላስቲክ ጠቅልላ ቦርሳዋ ውስጥ ከትታ ሄደች።

ሐሙስ ጠዋት የሥነ ጥበብ መምህራቸው ቲቸር ካሳዬ ቅጹን አነበቡት። መነጽራቸውን ከፍ አድርገው እንደገና አነበቡት።

«ሃያ ሕፃናት፣ አንድ ወር። ጎበዞች። ሌላው ሁሉ ይህን ቦታ ባዶ ነው የተወው» አሉ። «እንግዲህ ዳኞቹ መጀመሪያ የሚጠይቋችሁ ይህንኑ ነው። ልጆቹ ምን አደረጉ? እናንተስ ምን አስተካከላችሁ? ቅጹ ነገ ከመጽሐፉ አጠገብ ይቀመጣል። ተዘጋጁ።»

«ተዘጋጅተናል ቲቸር» አለች ሳጂዳ፣ ከዴስኩ ሥር የሰብሊን እግር እየረገጠች።

በእረፍት ሰዓት ሳጂዳ ዝግጅቱን ጀመረች። «አንዱ ልጅ በጉን አቅፎ እንቅልፍ ወሰደው እንላለን። ያምራል።»

«የቱ ልጅ?»

«ማንኛውም ልጅ። የፈጠራ ሥራ አይደል እንዴ? እንፈጥራለና።»

ሰብሊ ሳቀች፤ ሳጂዳ ማሳቅ ትችልበታለች። ሳቁ ካለቀ በኋላ ግን ያ አቅፎ የተኛ ልጅ ከፊቷ አልሄደም። ፊት አልነበረውም።

ዘጠኝ ሰዓት ተኩል ላይ ሲለቀቁ ወደ ቤቷ አልሄደችም። የመገናኛ ታክሲ ያዘች፤ ከመገናኛ ሌላ ይዛ ሳሊተ ምሕረት ወረደች።

አክስቷ ተናኜ በሩን የከፈተችው አንድ ሕፃን አቅፋ ነው። «ደህና ነሽ? ምን ተፈጠረ?»

«ምንም። ዛሬ ስንት ልጆች አሉ?»

«ሰባት። ሌሎቹን ጉንፋን አስቀርቷቸዋል።»

ሰብሊ መጽሐፉን ከላስቲኩ አውጥታ ምንጣፉ ላይ አስቀመጠችው። እጇን ወዲያው ማንሳት አቃታት፤ ከዚያ አነሳችው።

በሩብ ሰዓት ውስጥ የሁለት ወር ሥራዋ የሰባት ሰው ንብረት ሆነ። ፊሊጶስ የሚባል የሦስት ዓመት ልጅ ሚኒባሱ ላይ ቁጭ ብሎ «መገናኛ፣ መገናኛ» ይጣራል፤ ዚፑን ሲከፍት ሌላዋ «ወራጅ አለ» ትለዋለች። ጥርስ እያበቀለች ያለችው ዳናይት ሰብሊ ሁለት ጊዜ የሠራችውን የበግ ጆሮ አፏ ውስጥ ከታ ታኝካለች። ረጋ ያለ ልጅ አንድም አልነበረም።

ኣምለሰት ግን ሌላ ሥራ ላይ ነበረች። አራት ዓመቷ ነው፤ ዘንድሮ መዋዕለ ሕፃናት ገብታለች፤ ከትምህርት ቤት መልስ እዚህ ትቆያለች። የተሰካውን ፊደል በጣቷ ዙሪያውን ዳሰሰችው።

«ይሄ ሀ ነው» አለች።

«በ ነው የኔ ቆንጆ። በግ።»

ኣምለሰት በሀዘኔታ አየቻት። «በ»ን በቁልፉ ላይ አዞረችው፤ እግሮቹ ወደ ላይ ሆኑ። «ሀ» አለች ደግማ። ወደ በጉ ጠቆመች። «ሀግ።»

«ሀግ» አለ ፊሊጶስ ከታክሲው ሳይወርድ። ከአምስት ደቂቃ በኋላ እዚያ ቤት በግ የሚባል እንስሳ አልነበረም።

የሰብሊ የመጀመሪያ ሐሳብ ፊደሉን እንዳይዞር አድርጋ መስፋት ነበር። መርፌዋን ስትፈልግ ኣምለሰት እንደገና አዞረችው። «በ።» አዞረችው። «ሀ።» ዓይኗን ጨፍና በጣቷ ብቻ ሞከረች፤ አልተሳሳተችም። ሰብሊ ዘጠነኛ ክፍል እስክትደርስ «በ» ሲዘቀዘቅ «ሀ» እንደሚመስል ልብ ብላ አታውቅም። መርፌውን መፈለግ ተወች።

ተናኜ የምትፈራው ለቅሶን አይደለም፤ ዝምታን ነው። በድንገት ተነስታ ጥግ ላይ ዝም ብሎ ወደተቀመጠው የሁለት ዓመት ልጅ ሄደች። «አቢ፣ የኔ ጌታ፣ አፍህን ክፈት» አለችው። ጣቷን አስገብታ በጉንጩ በኩል ጠረገችና አንዲት ቀይ ቁልፍ አወጣች። የቲማቲሙ ናት።

ቁልፏንም በሰብሊ መዳፍ ላይ አደረገችላት። እርጥብ ነበረች፤ ሞቅ ያለች። «ክሩ ጥሩ ነው፤ ቁልፉ አይሆንም» አለች ተናኜ፣ ሳትቆጣ። «ልጅ ጥርስ አለው።»

ሰብሊ ቁልፏን እያየች ቆየች። ሃያ ልጅ፣ አንድ ሙሉ ወር፣ አንድም ቁልፍ አልተነቀለም። ነገ ለዳኞቹ ሊሉት የነበረው ይህን ነው።

ጥግ ላይ ተቀምጣ በመጽሐፉ ላይ ያሉትን ቁልፎች በሙሉ ቆረጠች። በቁልፎቹ ፋንታ ከገጹ ከራሱ ክር እየሳበች ትናንሽ ጠንካራ ድቡልቡሎች መሥራት ጀመረች። የመጀመሪያውን አቢ በሁለት ደቂቃ ፈታው። ሁለተኛውን ጥብቅ አድርጋ ሠራችና ሰጠችው። ነከሰው፣ ጎተተው፣ እንደገና ነከሰው፤ ሲሰለቸው ጣለው። ሰብሊ ሌሎቹንም እንደዚያው ሠራቻቸው፤ ፊደሉንም ኣምለሰት እንዳዞረችው በድቡልቡል መልሳ ሰካችው። ወላጆች ልጆቻቸውን ወስደው ሲጨርሱ እሷም ጨረሰች።

ዓርብ ጠዋት የደረሳቸው ጠረጴዛ አንድ እግሩ አጭር ነበር፤ ሲነኩት ይንገዳገዳል። በየጠረጴዛው ላይ «መንካት ክልክል ነው» የሚል ወፍራም ወረቀት ቆሟል።

ሳጂዳ መጽሐፉን አየችው። የበጉ ጆሮ ረዝሟል። ቲማቲሙ ላይ የጥርስ ምልክት አለ። የሚኒባሱ ጣሪያ ላይ የሙዝ ቀለም ያለው ነገር ደርቋል።

«ምን ነካው?»

«ሰባት ልጅ» አለች ሰብሊ።

«ሰብሊ፣ ዛሬ እኮ ነው። ዛሬ። ሳትነግሪኝ?»

«ብነግርሽ እንቢ ትይኛለሽ።»

«አዎ፣ እላለሁ» አለች ሳጂዳ። ፊቷ ቀልቷል።

ሰብሊ ታክሲውን ነገረቻት፤ ስለ ሀግም ነገረቻት። ሳጂዳ እንዳትስቅ ከንፈሯን ነከሰች። ከዚያ ሰብሊ ቀይዋን ቁልፍ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠች። «ይቺ ከአንዱ ልጅ አፍ የወጣች ናት።»

ሳጂዳ አልሳቀችም። «ዋጣት?»

«አልዋጣትም።»

ከሁለት ጠረጴዛ ወዲያ ዳኛዋ ይታያሉ፤ ወይዘሮ ኣብርሀት ይባላሉ፤ ለረጅም ዘመን መዋዕለ ሕፃናት ያስተዳደሩ ሴት ናቸው። የፀሐይ ምድጃ ከሠሩት ልጆች ጋር እያወሩ ነው።

ሳጂዳ ድምጿን ዝቅ አደረገች። «እሺ፣ ቁልፎቹን አስተካክለሻል። አሪፍ ነው። አሁን ሃያም ሆነ ሰባት ምን ለውጥ አለው? ቅጹን ተዪው። አንድ ከሰዓት በኋላ ብለሽ ከጻፍሽ ምድጃው ይበልጠናል።»

ምድጃው ሊበልጣቸው እንደሚችል ሰብሊም ታውቃለች። አሪፍ ምድጃ ነው። ከኪሷ እስክሪብቶ አወጣች። «ሃያ» በሳጂዳ ቆንጆ ጽሕፈት ተጽፏል፤ ሰርዛ ከጎኑ «ሰባት» ጻፈች። «ለአንድ ወር» የሚለውንም ሰርዛ «ለአንድ ከሰዓት በኋላ» ብላ ጻፈች። ስርዙ በደንብ ይታያል። ጠረጴዛው ስለሚንገዳገድ መስመሩም ጠማማ ወጣ።

«ሙድ ይይዙብናል» አለች ሳጂዳ።

«ይያዙ።»

ወይዘሮ ኣብርሀት መጡ። መጀመሪያ የክልከላውን ወረቀት አነበቡ፤ ከዚያ እትዬ ፈዲላ ሳሎን እንደገባ እንግዳ ሁለት እጃቸውን ወደኋላ አጣምረው በሩቁ ጎንበስ አሉ። ቅጹን አዩት። ስርዙ ላይ ቆዩ።

ሳጂዳ ሰብሊን አየቻት። ቁልፏን አየቻት። «መንካት ክልክል ነው» የሚለውን ወረቀት አነሳች። ለሁለት አጠፈችው፤ ለአራት አጠፈችው። ተንበርክካ ከአጭሩ እግር ሥር ወሸቀችው። ጠረጴዛው ቀጥ አለ።

«ይንኩት» አለች ሰብሊ።

የዳኛዋ ጣቶች በበጉ ጸጉር ውስጥ ገቡ፤ እዚያው ትንሽ ቆዩ። ከዚያ ወደ ፊደሉ ሄዱ፤ ኣምለሰት እንደተወችው እግሮቹ ወደ ላይ ነበሩ። «ይሄ ተገልብጧል ልበል? በ ነው ወይስ ሀ?»

«ኣምለሰት የምትባል የአራት ዓመት ልጅ አለች» ብላ ጀመረች ሳጂዳ፣ ከወለሉ እየተነሳች፣ ጉልበቷን እያራገፈች።

ሰብሊ ቀይዋን ቁልፍ ከጠረጴዛው አንስታ ኪሷ ውስጥ ከተተቻት።