ቆሞ የተነሳው አይሱዙ

በላይነህ ከንፋስ መውጫ ከተማ ወጣ ብሎ ካለ የድንጋይ ካብ ጋር ተጣብቆ ተገኘ። ደረቱ የለም ማለት ይቻላል። ክላሹ ግን ከትከሻው አልወረደም። የጨፈለቀው ከታናሽ ወንድሙ ከረታ ጋር በጋራ የገዙት አይሱዙ ነው። ሹፌራቸው ይርዳው ደግሞ ትናንት በሰው ፊት «እገድልሃለሁ» ብሎት ነበር። የእኛ ሰው መቼም ደሙ ሳይረጋ ገዳዩን ያውቃል! ዘመድ አዝማዱ ጠመንጃውን ይዞ ይርዳው የታሰረበትን ፖሊስ ጣቢያ ከበበና «ይርዳውን አውጡልን!» ይል ጀመር።

ኢንስፔክተር ሕሊና ግን አልቸኮለችም። ፖሊስ ከመሆኗ በፊት ፊዚክስ ታስተምር ነበር።

«ቁልፉን መኪናው ላይ ትቼ ምሳ ልበላ ገባሁ» አለ ይርዳው፣ በዱላ የተሰነጠቀ ከንፈሩን እየጠረገ። «ዝቻለሁ፤ አልገደልኩም።»

«ካንተ ሌላ ማን ይነዳዋል?»

«ረታ ብቻ።»

ረታ በተራው ገባ። «ከጉብታው ላይ ሆኜ አይቻለሁ። ይርዳው ቁልቁለቱን ወርዶ፣ ሜዳውን አልፎ፣ ዳገቱ ላይ ወንድሜን ገጨው።»

«መሀል ላይ አልቆመም?»

«ማርያምን! አንዴም አልቆመም።»

ሕሊና ሁሉንም ሰበሰበች። እናትየዋ እማማ ዘቢደርም መጡ፤ «የልጄ ደም ሳይመለስ እህል አልቀምስም» ብለው ምለዋል። ሕሊና ጠረጴዛው ላይ አንድ ግራፍ ዘረጋች። ሟቹ ለማንም ሳይናገር መኪናው ላይ ካስገጠመው ጂፒኤስ የወጣ ነው።

ረታ አጎንብሶ አየና ፊቱ በራ። «ይኸው! ቁልቁለቱ፣ ሜዳው፣ ዳገቱ! እኔ ያልኩት አይደል?»

«የመንገዱ ሥዕል እኮ አይደለም፣ ረታ። ወደ ጎን የሚሄደው ጊዜ ነው፤ ወደ ላይ የሚወጣው ፍጥነት። መስመሩ ሲወርድ መኪናው ፍጥነቱን እየቀነሰ ነው። አንተ ሜዳ ያልከው ዜሮ ላይ የተኛው ነው፤ እዚያ መኪናው ቆሟል። ይሄ ሽቅብ የተተኮሰው ደግሞ ነዳጁ እስከ ወለሉ ተረግጦ ነው። ጫፉ ላይ ድንገት የተቆረጠው በላይነህ ነው።»

ሕሊና ጣቷን ከግራፉ አንስታ ወደ ረታ ቀሰረች።

«አልቆመም ብለህ ማልክ፤ ቆሟል። ደግሞስ ትናንት የዛተበት ሰው መጥቶ ፊቱ ቢቆም፣ በላይነህ ክላሹን ትከሻው ላይ ይተወው ነበር? የጠበቀው የሚያምነውን ሰው ነው። ከይርዳው ሌላ ይሄን መኪና የሚነዳው ደግሞ አንተ ብቻ ነህ።»

ረታ ጠረጴዛውን ገለበጠው። «የአባቴን መሬት ብቻውን ሲያርስ ኖሮ! ‹ና ውረድ፣ እንነጋገር› አለኝ፣ እየሳቀ! ነዳጁን ረገጥኩት! ደግሜም እረግጠዋለሁ!» ፖሊሶቹ በሰደፍ መትተው መሬት ላይ ጣሉት፤ ከአፍንጫው ደም ፈሰሰ።

ውጭ ጥይት ተተኮሰ። «ገዳዩን አውጡልን!»

ሕሊና ወደ አሮጊቷ ዞረች። «እማማ፣ ማንን ላውጣላቸው?»

እማማ ዘቢደር ይርዳውን አዩት፤ ከዚያ ወለሉ ላይ በወደቀው ረታ ላይ ተደፉ።

«በሩን ዝጊው ልጄ» አሉ። «በእመቤቴ ይዤሻለሁ፣ በሩን ዝጊው።»