ፍራንቺሽካ የሚያውቋት አንዲት ቃል

«የጡረታ ወረቀት ነው በያቸው፤ ሌላ ምንም አትጨምሪ» አለ ኤቫልት፣ ወረቀቱን በጠረጴዛው ላይ ወደ እህቱ እየገፋ። «የሚፈርሙበትን በጣትሽ ታሳያቸዋለሽ፣ ይፈርማሉ፣ እኔ ይዤ እበራለሁ። አለቀ።»

ሄድቪግ ወረቀቱን አልነካችውም። ከተቀመጠችበት ሆና ግን በማሽን የተጻፈውን ማንበብ አላቃታትም። የአመልካቹ ስም፣ ኤቫልት ቭዦሴክ። ዕድሜ፣ ሃያ። ሥራ፣ የከሰል ማዕድን ሠራተኛ። የተጠየቀው አዲስ የቤተሰብ ስም፣ ሃይደር። ከሁሉም በታች «የአሳዳጊ ፊርማ» የሚል ባዶ መስመር አለ። ሃያ አንድ ዓመት ላልሞላው ሰው አሳዳጊው ካልፈረመለት ማመልከቻው አይታይም፤ የሁለቱ አሳዳጊ ደግሞ አያታቸው ፍራንቺሽካ ናቸው።

«ለምን እውነቱን ራስህ አትነግራቸውም?»

«አብደሻል እንዴ? ስማችንን ሊጥለው ነው ሲባሉ እዚሁ ክልትው ይላሉ!»

«እኔ ስዋሻቸውስ?»

«አንቺን ያምኑሻላ!»

እሱ ላይ ነበር ችግሩ። ፊደል ስለማያውቁ ለአያቷ ወረቀት የምታነብላቸው እሷ ናት። የማዕድኑ ደብዳቤ፣ የቤት ኪራዩ ማስታወቂያ፣ የቄሱ መልእክት፣ ሁሉም በሄድቪግ አፍ ነው የሚያልፈው። አንድ ቀን እንኳ «እውነት እንዲህ ይላል?» ብለው ጠይቀዋት አያውቁም። ጣቷን ያስቀመጠችበት ቦታ ላይ ይፈርማሉ።

ኤቫልት ግድግዳው ላይ ያለውን ሰዓት አየ። ስምንት ተኩል። ማዘጋጃ ቤቱ አሥር ሰዓት ላይ ይዘጋል። የእግር ኳስ ክለቡ ጸሐፊ አቶ በምከ በግልጽ ነግሮታል፦ ማመልከቻው ዛሬ ገብቶ ማኅተም ካልተመታበት፣ ረቡዕ በሚወጣው የክፍለ ሀገሩ ምርጥ ቡድን ዝርዝር ውስጥ የግራ ክንፍ ተጫዋቹ ሌላ ሰው ነው። አዲሱ መንግሥት ከመጣ ሁለት ዓመቱ ነው፤ ማዘጋጃ ቤቱ ላይ የናዚ ባንዲራ ይውለበለባል፤ የፖላንድ ስም ያለው ልጅ የጀርመን ማሊያ ለብሶ ሲሮጥ ማየት የማይወዱ ሰዎች ደግሞ በዝተዋል።

«ኳሱን ተወው» አለች ሄድቪግ። «አንድ ዓመት ብትጠብቅ ምን ትሆናለህ?»

«ኳስ መሰለሽ?» ድምፁ ተሰበረ። «ምርጥ ቡድን ከገባሁ በምከ ከጉድጓዱ ውጪ ሥራ ያስገኝልኛል። መሬት ላይ ሄዲ! መብራት ማደያ ክፍል፣ ለሚወርዱት ፋኖስ የሚታደልበት። ጉድጓድ መውረድ ቀረ ማለት ነው።»

ከዚያ እስካሁን ለማንም ያልተናገረውን ነገራት። ከሁለት ሳምንት በፊት የጉድጓዱ ጣሪያ ተንዶ የሥራ ጓደኛው ኢግናትስ የሞተ ቀን፣ ኤቫልት ለአያቱ እንዳለው ከናዳው በሌላኛው በኩል አልነበረም። እሱም እስከ ወገቡ ተቀብሮ አራት ሰዓት ሙሉ ኢግናትስ አጠገብ ተኝቷል። የመጀመሪያውን ሰዓት ኢግናትስ ያወራው ነበር። ስለ እርግቦቹ ነው ያወራው፤ ማን ጥሬ እንደሚሰጣቸው ተጨንቆ። ከዚያ ዝም አለ።

«አሁን አሳንሰሩ ሲወርድ ጉልበቴ ይከዳኛል» አለ ኤቫልት። «ከስድስት ዓመቴ ጀምሮ ኳስ ያንከባለልኩበት እግር ነው፤ ደረጃ መውረድ አቃተው። እባክሽ ሄዲ። ከዚያ ጉድጓድ ካልወጣሁ እዚያው ነው የምቀረው።»

ሄድቪግ ቦርሳዋ ውስጥ ደግሞ የራሷ ጣጣ አለባት፤ ለነገ ተሞልቶ የሚመጣ «የስሜ ምንጭ» የሚል የትምህርት ቤት ወረቀት። መምህር ሎማየር ስም ሲጠሩ እሷ ጋ ሲደርሱ ሁልጊዜ ያስላሉ፣ ምላሳቸው የተቆላለፈ ያስመስላሉ፣ ክፍሉም በሳቅ ይፈርሳል። ኤቫልት ለእሱም መላ አበጅቶለታል። «ሃይደር ብለሽ ጻፊ፤ ጥንታዊ የጀርመን ስም። ትምህርትሽን ስትጨርሺ ያንቺንም እናስለውጣለን፤ ማንም አይስቅብሽም።» ሳቁን ስታስበው መላው አልከፋትም። እውነቱን ለመናገር ደስ አላት።

በሩ ተከፈተና አያቷ የሰኞ ጋዜጣ ብብታቸው ውስጥ ወሽቀው ገቡ።

«ዞር በሉ ከጠረጴዛዬ!» አሉ። «ትናንት ስንት አገባህ አንተ?»

«ሁለት፣ አያቴ።»

«አትዋሽ፤ አሁን እናጣራለን!»

ሰኞ ሰኞ ይህ ሲሆን ማንም ጣልቃ እንዲገባ አይፈቀድም። ፍራንቺሽካ መነጽራቸውን አደረጉ፣ መቀሳቸውን አጠገባቸው አስቀመጡ፣ ጣታቸውን ከስፖርቱ ገጽ ራስ ላይ አሳርፈው ቀስ እያሉ ወደ ታች መንዳት ጀመሩ። በዓለም ላይ ካለው ጽሑፍ ሁሉ የሚያውቁት አንዲት ቃል ብቻ ነው፤ እሷም ስማቸው ናት። መጀመሪያዋ ሁለት የተገለበጡ ጣሪያዎች የሚመስል የላቲን ፊደል፣ W፣ የቀረውም ተከትሎ። ሲያገኟት ጣታቸው ቀጥ ይላል፣ ይስሟታል፣ ዙሪያዋን ቆርጠው ብስኩት በነበረበት ቆርቆሮ ውስጥ ይከቷታል። ከጎኗ ምን እንደተጻፈ አያውቁም። ባለፈው መኸር «ቭዦሴክ ፍጹም ቅጣት ምቱን ሰማይ ላይ ሰቀለው» የሚለውንም ስመው አስቀምጠውታል። ሄድቪግ ያን ቀን ሳቋን ውጣ ዝም ብላለች።

«አንድ… ሁለት… ውይ፣ ስማችን ሦስት ጊዜ!» አሉ አያቷ፣ ፊታቸው በርቶ። «ባለፈው ሳምንት ግን አራት ነበር። ሰነፍክ።»

ኤቫልት ሳቀ፤ ወዲያው ግን እህቱን በዓይኑ ለመናት።

ሄድቪግ ወረቀቱን አነሳች። «አያቴ፣ ይህችን ይፈርሙልኝ። የ… የጡረታ ወረቀት ናት።»

«አምጪው እስቲ።»

ብዕሩን ቀለም ውስጥ ነከሩ። ከዚያ ዓይናቸው ወረቀቱ ላይ ወደ ላይ ሸተት አለና ፈገግ አሉ። «ይኸው እዚህም አለን! እንዴት አሳምረው ጽፈውናል በይ።» የብዕሩን ጫፍ ከወረቀቱ አራቁት፤ ቀለም እንዳይነካት። «ይህችን ቃል ያኔ ባውቃት ኖሮ…»

አልጨረሱትም። መጨረስም አላስፈለጋቸውም፤ ሄድቪግ ታውቀዋለች። ከዘጠኝ ዓመት በፊት ጋዝ ፈንድቶ አባቷ ጉድጓድ ውስጥ የቀረ ቀን፣ የሟቾቹ ዝርዝር በማዕድኑ በር ላይ ተለጠፈ። ሴቶቹ እየተጋፉ ያነባሉ፤ አንዷ ትጮሃለች፣ አንዷ እግዜርን ታመሰግናለች። ፍራንቺሽካ ከጠዋት እስከ ቀትር ዝርዝሩ ፊት ቆመው የልጃቸውን ስም ሲያዩት ውለዋል፤ የትኛው እንደሆነ ሳያውቁ። የጠየቁት ሰው ሁሉ ዓይኑን እየሰበረ ዘወር ይላል። በመጨረሻ የሰፈር ሕፃን ነው፣ ትምህርት ቤት እንዳለ ሁሉ ድምፁን ከፍ አድርጎ ያነበበላቸው። አባቷ በተቀበረ በሳምንቱ አንዲት መነኩሲት ጋ ሄደው «ሌላ አያስፈልገኝም፤ ይህችን ብቻ አስተምሩኝ» አሉ።

«የት ጋ ነው የኔ ልጅ?» አሉ አያቷ። «ጣትሽን አሳርፊልኝ።»

ሄድቪግ ጣቷን ዘረጋች። ጣቷ መስመሩ ላይ ሊያርፍ ስንዝር ሲቀረው እጇ አልታዘዛት አለ።

«አይፈርሙ» አለች። «የጡረታ አይደለም። ዋሽቼዎት ነው።»

«ሄዲ!» ኤቫልት ከወንበሩ ተስፈንጥሮ ተነሳ።

ነገረቻቸው። አንዴ ከጀመረች ማቆም አልቻለችም፤ ስለ በምከም፣ ስለ ዝርዝሩም፣ ስለ ሃይደርም ዘረገፈችው። አያቷ እስክትጨርስ ብዕሩን እንደያዙ ቆዩ። ፊታቸው ላይ የነበረው ብርሃን ጥፍት አለ።

«ስማችን ምን አደረገህ አንተ?» አሉ ዝግ ባለ ድምፅ። «የወንድ አያትህ መንደር ዙሪያው አሸዋ ነበር። ሌላው ሁሉ እምቢ ሲል አሸዋው ላይ የሚበቅል ቭዦስ ነው፤ ትንሽ ሐምራዊ አበባ። ሰዎቹ የተጠሩት በሱ ነው።»

«ሃይደርም እኮ ያው ነው አያቴ! ያችው አበባ ናት፣ በጀርመንኛ።»

«ያው ከሆነ ለምን ይለወጣል?»

ኤቫልት ተንበረከከና ፊቱን ጉልበታቸው ላይ ደፍቶ ስለዚያ ቀን፣ ስለ ኢግናትስ፣ ስለ እርግቦቹ ነገራቸው። ሃያ ዓመት የሞላው፣ እሁድ እሁድ ሕዝብ ስሙን እየጠራ የሚጮህለት ጎረምሳ፣ ትከሻው እየተንሰፈሰፈ አለቀሰ። አያቱ ፀጉሩን ያዙት፤ አልደባበሱትም፣ ብቻ ያዙት።

«አጠገቡ ነበርክ» አሉ። «ያን ቀን እኔ እዚህ ድንች እየላጥኩ ነበር።»

ሰዓቱ ዘጠኝ ሰዓት ደወለ።

«የመብራቱን ሥራ ነገ ይሰጡሃል?»

«ከአንድ ወር በኋላ ነው ያለኝ።»

«እስከዚያ ትወርዳለህ። በአዲሱ ስም።»

«አዎ።»

ፍራንቺሽካ መነጽራቸውን አውልቀው በመቀነታቸው ጫፍ ጠረጉ። «በዚህ አንድ ወር ውስጥ በሩ ላይ ዝርዝር ቢለጠፍ» አሉ፣ «የትኛዋን ቃል ነው የምፈልገው?»

ከውጭ የከሰል ጋሪዎቹ ሲንቀጫቀጩ ይሰማል። ሄድቪግ በአንድ ጊዜ ሁለቱንም ማጣት ምን እንደሚመስል ታያት፤ ወንድሟ ከታች፣ አያቷ ከላይ ወረቀት ፊት ቆመው።

እርሳሷን አወጣች። የጋዜጣው ኅዳግ ላይ ጉልህ አድርጋ ሃይደር ብላ ጻፈችና ወደ አያቷ አዞረችው። «ይህችን ነው» አለች። «መጀመሪያዋን ይዩዋት፤ ሁለት ቋሚ፣ መሃሉ ላይ አንድ አግዳሚ።»

አያቷ ብዙ አዩዋት። «የጎል በር ትመስላለች።»

«እሷው ናት።»

«አያቴ፣ ሰዓቱ…» አለ ኤቫልት።

«አንተ የክንፍ ተጫዋች አይደለህ? ትሮጣለህ! ሳላውቃት አልፈርምም።»

በጣታቸው ተከተሏት። አንድ ጊዜ፣ አምስት ጊዜ፣ አሥር ጊዜ። ሄድቪግ በሌሎች ቃላት መሃል እየደበቀች ጻፈችላቸው፤ ሁለት ጊዜ ተሳሳቱ፤ በሦስተኛው ጣታቸው ቀጥ አለ። ድጋሚ አስጻፏት። ድጋሚ አገኟት። አልሳሟትም።

«ለአንድ ልጅ ሁለት ቃል ካስፈለገ ሁለት ቃል አውቃለሁ» አሉ። ብዕሩን ነክረው ባዶው መስመር ላይ፣ እነዚያን ሁለት የተገለበጡ ጣሪያዎች አስቀድመው፣ አሮጌውን ስማቸውን ቀስ ብለው ጻፉ። ኤቫልት ወረቀቱን እፍ እያለ አደረቀው። ዘጠኝ ሰዓት ከአርባ ላይ ከቤት ወጥቶ፣ ጫማው ኮረኮንቹን እየመታ ሲርቅ ሁለቱ ሰሙት።

ፍራንቺሽካ ሦስቱን ቁራጭ ጋዜጦች ቆርቆሮው ውስጥ ከተው ከደኑት። መቀሱን መሳቢያ ውስጥ አስገቡት። ከዚያ ምን እንደሚሠሩ ግራ የገባቸው ይመስል ባዶ እጃቸውን ጠረጴዛው ላይ ዘርግተው ተቀመጡ።

ሄድቪግ ከቦርሳዋ የትምህርት ቤቱን ወረቀት አወጣች። «የስሜ ምንጭ» ይላል ከላይ፤ ከሥሩ ለቤተሰብ ስም የተተወ ክፍት ቦታ አለ። የመምህር ሎማየር ሳል ጆሮዋ ውስጥ መጣባት። የክፍሉም ሳቅ መጣ።

ብዕሩን ከአያቷ ፊት አንስታ፣ ወረቀቱን በሳቸው በኩል በሚነበብበት አቅጣጫ አዙራ፣ ከጠረጴዛው ማዶ ሆኖ ማየት የሚቻል ትልልቅ ፊደል መጻፍ ጀመረች። ሁለተኛውን ጣሪያ ሳትጨርሰው የአያቷ ጣት መጥቶ ከሥሩ አረፈ።