ካርድ የሌለው አበባ

አሺል ሩቦ በአርባ ዓመት የትወና ዘመኑ በፊልምም በቴሌቪዥንም ሠላሳ አንድ ጊዜ ሞቷል። ስለዚህ ሜካፕ ሠሪዋ ዢኔት መልበሻ ክፍሉ ገብታ ወንበሩ ላይ ተደፍቶ ስታገኘው «ተው እንጂ፣ በዚህኛው ፊልም እንኳ አትሞትም!» ብላ ትከሻውን ጎሸም አደረገችው። የዛሬው ግን የእውነት ነበር።

የፖሊስ ኮሚሳሯ ሶላንዥ ኬርቬላ ፓሪስ ዳርቻ ካለው ስቱዲዮ ስትደርስ ሐኪሙ «ልቡ ነው» አላት። የእሷ ዓይን ግን የቆሻሻ ቅርጫቱ ላይ ቀረ። የተቀነጣጠሰ ነጭ የካርኔሽን አበባ ተጥሏል፤ ሪባኑ ላይ የካርድ መርፌ አለ፣ ካርዱ ግን የለም። የሟቹ ፊት ግማሹ ብቻ ተቀብቷል። ይህን ፊት አስተናጋጅ፣ ፖስተኛ፣ የመንደር ቄስ ሆኖ ከልጅነቷ ታውቀዋለች። ስሙን ግን ገና ዛሬ መስማቷ አሳፈራት።

«አበባውን ማን ላከው?»

«ዳይሬክተሩ ነዋ!» አለች ዢኔት እያለቀሰች። «በእኛ ሙያ ጽጌረዳ የተላከለት ይቀጥላል፣ ካርኔሽን የተላከለት ተባሯል። የድሮ ልማድ ነው፤ አሺልም የድሮ ሰው ነው። በሰባ ዓመቱ ገና ዋና ሚና ቢያገኝ ይሄ መጣ። በር ላይ አግኝቶት ይዞት ገባ፤ ‹ዢኔት፣ ብቻዬን ተዪኝ› አለኝ።»

ዳይሬክተሩ ብሮሳር ማለና ተገዘተ። «እሱን ላባርር? አበባ መምጣቱንም የሰማሁት ከእርስዎ ነው!»

ሚናው ለጥቂት ያመለጠው ተዋናይ ጋስፓር ሌኖብል በረጅሙ ተነፈሰ። «ምስኪን! ልጁስ ለራት መጥታ ሬሳ ታግኝ?»

ሶላንዥ ማስታወሻዋን ዘጋች።

ሲመሽ ሁሉንም ለቀረጻ በተሠራው የውሸት ሳሎን ሰበሰበቻቸው። የሟቹ ልጅ ሚሬይ መርዶዋን በር ላይ ሰምታ፣ ለራት እንደለበሰች ተቀምጣለች።

«ከአባትሽ ጋር ከተኳረፋችሁ ስንት ጊዜ ሆነ?»

«አሥራ አንድ ዓመት።»

«ዛሬ እንደምትመጪ ለማን ነገርሽ?»

«ለማንም። አበባው ላይ ባሰካሁት ካርድ ብቻ ነው የጻፍኩት።»

«ለምን ካርኔሽን?»

«ስድስት ዓመቴ እያለ ሲኒማ ቤት አየሁት። አስተናጋጅ ሆኖ ደረቱ ላይ ነጭ ካርኔሽን ሰክቶ ነበር። ትርጉሙን ማን ነግሮኝ?» ድምጿ ተሰበረ። «እኔ ነኝ የገደልኩት?»

«አይደለሽም። አበባው ሲመጣ ካርድ ነበረው፤ መርፌው ይመሰክራል። ከነካርዱ የልጅ ስጦታ ነበር፤ ያለ ካርዱ ማባረሪያ ይሆናል። ይህን የሚያውቅ የሙያው ሰው ነው፤ ካርዱን የነቀለው ደግሞ አንብቦታል።» ሶላንዥ ዞረች። «ሙስዬ ጋስፓር፣ ለራት እንደምትመጣ ከየት ሰሙ?»

ጋስፓር ደረቱን ዳበሰ፤ ከኪሱም የታጠፈችውን ካርድ አወጣ። «ተቆጥቶ ጥሎ የሚሄድ መስሎኝ ነው... ሚናውን ብቻ ነበር የፈለግሁት።»

«ሕጉ ምን እንደሚልዎ ዳኛ ያውቃል። እኔ የማውቀው ልጁን እንደነጠቁት ነው።»

ካርዱ ላይ «አባባ፣ ይብቃን። ዛሬ ለራት እመጣለሁ» ይላል።

ሚሬይ አባቷን ልታይ ስትነሣ ዢኔት ጥጥና ቅባት ይዛ ቀደመቻት።

«አንድ ደቂቃ ታገሺኝ፣ የኔ ልጅ» አለቻት። «ቀለሙን ልጥረግለት። አንቺን እንኳ በራሱ ፊት ይቀበልሽ።»