የአሥራ አንደኛው ጠርሙስ ቦታ

ኢንስፔክተሯ ሙዚየሙ ስትደርስ ከጠዋት ጀምሮ አልተቀመጠችም ነበር። በዚያ ሳምንት ከሬሳ ፊት ስትቆም ይህ ሦስተኛዋ ነው። ወንበር ቢሰጧት ደስ ባላት፤ የሰጧት ግን ጓንት ነው።

ሟቿ የተሳቢ እንስሳት ክፍል ኃላፊ ነበረች። በናሙና መጋዘኑ ውስጥ፣ ከስሚንቶው እጅ መታጠቢያ ሥር በጀርባዋ ተዘርራለች። ከአጠገቧ ባለ ጎማ መሰላል ቆሟል። መደርደሪያዎቹ በግራም በቀኝም እስከ ጣሪያ ይደርሳሉ፤ በላያቸው አልኮል የተሞሉ አፈ ሰፊ ጠርሙሶች፣ በየጠርሙሱም የተጠቀለለ እባብ፣ እጁን የዘረጋ እንሽላሊት፣ ከቅርፊቱ አንገቱን ያወጣ ኤሊ።

«ከመሰላል ወድቃ ነው» አለ ባለቁልፉ። የመጋዘኑን ቁልፍ ሃያ ዓመት ይዟል፤ ከምሳ በኋላ ሬሳውን ያገኘውም እሱ ነው። «ስንቴ ነገርኳት! ‹እባብ ሳይነድፍሽ መሰላል ይገድልሻል› ስላት ትስቅብኝ ነበር።»

«ግንባሯ ላይ ያሰረችው ምንድን ነው?»

«ማጉያዋ ነው። ናሙና አውጥታ ጠረጴዛ ላይ ስትመረምር የምታደርገው።»

«መሰላል ስትወጣስ?»

«ኧረ! በሱ መሬቱን ብታይ ራሷን ያዞራታል። ሁልጊዜ አውልቃ ነው የምት…» ባለቁልፉ ማጉያውንና መሰላሉን አፈራርቆ አየ።

ኢንስፔክተሯ ጠረጴዛውን አየች። ነጩ ሳህን ታጥቦ ተደፍቷል፤ ወረንጦው ተወልውሎ ተቀምጧል። ናሙና የለም። በመታጠቢያው ጠርዝ ላይ ግን ጸጉር የተጣበቀበት ደም አለ። ማጉያ ያደረገች ሴት አንድ ነገር እያየች ነበር ማለት ነው። ያ ነገር ደግሞ በራሱ እግር ወደ መደርደሪያው አይመለስም፤ እዚህ ካሉት ብዙዎቹማ እግር የሚባል የላቸውም። ደብተሯ እንደተከፈተ ነው። የመጨረሻው መስመር በእርሳስ ተጽፏል፦ «ቀለበት፦ ሁለት መቶ አሥራ አራት።»

መደርደሪያዎቹን እያየች ቀስ ብላ ዞረች። የላቲን ጽሑፉን ማንበብ ባትችልም ዓይኗ ይሠራል። ከበሩ በስተግራ፣ በእባቦቹ መጀመሪያ፣ ቀጫጭን እባቦች በተደረደሩበት ሁለተኛ ረድፍ ላይ አንድ ጠርሙስ በግድ ተሰክቷል። ውስጡ ያለው ፍጥረት ቅርፊቱ እንደ ጎረቤቶቹ አይደለም፤ ሰውነቱ እንደ ምድር ትል ከጫፍ እስከ ጫፍ ቀለበት በቀለበት ነው። የጠርሙሱ አንገት ላይ ቀይ ክር ታስሯል። በወዲያኛው መተላለፊያ፣ በእንሽላሊቶቹ መካከል፣ የሱን ዓይነት ቀለበታም የያዙ አሥር ጠርሙሶች አገኘች። ከአምስተኛው ቀጥሎ የአንድ ጠርሙስ ክፍተት አለ።

ምንም ሳትነካ ወጣች።

በመጋዘኑ አካባቢ በምሳ ሰዓት ሊገኙ የሚችሉት አራት ሰዎች ናቸው፦ ባለቁልፉ፣ የሟቿ ታናሽ እህት፣ ዶክተር የሚሉት ወጣት ተመራማሪ፣ እና ሟቿን ያስተማሯት ጡረታ የወጡ ፕሮፌሰር።

እህቲቱ የሙዚየሙ የመለያ ጽሑፍ ሠራተኛ ናት። ጽሕፈት ክፍሏ ውስጥ ብዕር ይዛ ተቀምጣለች፤ ምንም እየጻፈች ግን አይደለም።

«ቤታችን አንድ፣ ሥራችን አንድ» አለች። «ጠዋት ተኳርፈን ነው የወጣነው። በጃንጥላ። የማን ጃንጥላ ነው ብለን።»

ኢንስፔክተሯ ሁለተኛ ወንበር በዓይኗ ፈለገች፤ የለም። «ቀለበታሞቹ እባቦች ናቸው?»

«እግር የላቸውም እንጂ እባብ አይደሉም። ድሮ ለብቻቸው ይመደቡ ነበር፤ ቦታቸውም ከእባቦቹ መግቢያ ላይ ነበር። በዘር ምርመራ ግን የእንሽላሊት ዘመድ መሆናቸው ታወቀ። ከሁለት ሳምንት በፊት አሥራ አንዱንም አዛወርናቸው። እሷና ዶክተሩ ተሸከሙ፣ እኔ ጽሑፉን ለጠፍኩ።»

«ቀይ ክር ያለውስ?»

«ዋቢ ናሙና ነው። ለአንድ ዝርያ ስም ሲወጣ ስሙ የሚታሰረው በአንድ እንስሳ ላይ ነው፤ ክርክር ሲነሳ ወደሱ ይኬዳል። ያንን ፕሮፌሰሩ በልጃቸው ስም ነው የሰየሙት። በዘጠኝ ዓመቷ ሞታባቸው።»

«ቦታው የት ነው?»

«ሰባተኛ መደርደሪያ፣ ከእንሽላሊቶቹ ጋር።»

ባለቁልፉንም ያንን ጠርሙስ የት እንደሚያስቀምጠው ጠየቀችው።

«እኔ? ክፍት ባገኘሁበት እሰካዋለሁ። አዞን ከወፍ አዛመዱት፤ እባብ የሚመስለውን ‹የለም፣ እንሽላሊት ነው› አሉ። እኔ ምን ቸገረኝ? ቁልፉ ያው አንድ ነው።» ከዚያ ድምፁን ዝቅ አደረገ። «ጠዋት ግን ዶክተሩና እሷ ኮሪደር ላይ ተጯጩኸዋል። ‹ዛሬ ካልተላከ አልስማማም› ሲላት ሰምቻለሁ።»

ዶክተሩ መስኮቱ አጠገብ ቆሞ ነበር።

«አልክድም፣ ጮኼባታለሁ» አለ። «ለመጽሔት የምንልከው ጽሑፍ የሁለታችን ነው። የፕሮፌሰሩ ዝርያ ከሳቸው በፊት በሌላ ሰው ተሰይሞ እንደነበር ደረስንበት፤ ማንም በማያነበው አሮጌ መጽሔት ውስጥ። ለአንድ እንስሳ ሁለት ስም ከተገኘ የቀደመው ይጸናል፣ የኋለኛው ይወድቃል።»

«የልጅቷ ስም ይወድቃል።»

«ይወድቃል። አንድ ነገር ብቻ ቀርቶን ነበር። አሮጌው መጽሔት ሁለት መቶ አሥራ አራት ቀለበት ይላል፤ ፕሮፌሰሩ ሁለት መቶ ሃያ ስድስት ብለው አትመዋል። የሳቸው ዝርያ የቆመው በዚያ ልዩነት ነው። ስለዚህ ዋቢውን እንደገና መቁጠር ነበረባት። ለምሳ ስወጣ ገና ከመደርደሪያው አላወረደችውም።»

«አሮጌውን መጽሔት ፕሮፌሰሩ አይተውታል?»

«መኖሩንም አያውቁም።»

«ጠርሙሱን መልሰው ቢያስቀምጡ የት ያደርጉታል?»

«ሰባተኛ መደርደሪያ ነዋ። እኔ ራሴ አይደለሁ የተሸከምኩት?» ፊቱን በመዳፉ አሸ። «ስንት ሆነ? ቆጥራ ጨርሳለች?»

አልመለሰችለትም። የሟቿ የክፍል ኃላፊነት አሁን ለሱ ሊደርስ እንደሚችል ታውቃለች። እሱም ታውቃለች ብሎ እንደሚያስብ ታውቃለች። ሁለቱም ስለዚያ ለማውራት አቅም አልነበራቸውም።

ፕሮፌሰሩ ንባብ ክፍል ውስጥ ካፖርታቸውን ሳያወልቁ ተቀምጠዋል። ከሕመም ገና መነሳታቸው ነው።

«ወር ሙሉ ተኝቼ ዛሬ ብቅ ማለቴ ነው» አሉ። «እሷው ናት ‹ይምጡ፣ በአካል የምነግርዎ አለ› ያለችኝ። ስጠብቃት እንቅልፍ ወሰደኝ።»

«መጋዘኑ ውስጥ አልገቡም?»

«ከታመምኩ ጀምሮ አልገባሁም፣ ልጄ። ጉልበት የለኝም።»

«እኔም የለኝም» አለች፤ እውነቷን ነው። «በልጅዎ ስም የተሰየመው ጠርሙስ የት ነው የሚቀመጠው?»

ዓይናቸውን ጨፈኑ። እጃቸው ከወንበሩ ክንድ ተነስቶ በአየር ላይ መንገዱን ያዘ። «በሩን አልፈሽ በስተግራ፣ ከእባቦቹ በፊት፣ ሁለተኛው ረድፍ። ሠላሳ አንድ ዓመት እዚያው ነው። ዓይኔን አስረሽ ብትልኪኝ አመጣልሻለሁ።»

«ተማሪዎ ስሙን ልትጥለው እንደነበር ያውቃሉ?»

«ስም በአንድ ቁጥር ይጣላል? ሁለት መቶ አሥራ አራት ሆነ ተብሎ?» አሉ በቁጣ። ወዲያው ሳል ያዛቸው።

ፀሐይ ማዘቅዘቅ ስትጀምር ኢንስፔክተሯ አራቱንም ንባብ ክፍል ሰበሰበቻቸው። «ይቅርታ አድርጉልኝ፣ ልቀመጥ» ብላ ተቀመጠች።

«ከመሰላል አልወደቀችም» ብላ ጀመረች። «ማጉያ አድርጋ መሰላል አትወጣም፤ ደሙም ያለው መታጠቢያው ጠርዝ ላይ ነው። ጠረጴዛው ጋ ሆና ናሙና እየቆጠረች ነበር፤ ውጤቱንም ጽፋለች። ከዚያ አንድ ሰው ሳህኑን አጠበ፣ መሰላሉን ወደሷ ገፋ፣ ጠርሙሱን ወደ መደርደሪያ መለሰ። ያንን ጠርሙስ ከሞቷ ጋር የሚያያይዘው እንዳይኖር ፈልጓል።»

ኢንስፔክተሯ ጀርባዋን ወንበሩ ላይ አስደገፈች።

«ጠርሙሱን የመለሰው ግን ተሳስቷል። ስሕተቱ ደግሞ የማያውቅ ሰው ስሕተት አይደለም። የማያውቅ ሰው ክፍተቱ ውስጥ ይሰካዋል፤ ጋሼ ባለቁልፍ እንዳሉኝ። አዲሱን ምደባ የሚያውቅም እዚያው ክፍተት ላይ ያደርገዋል። ይህ ሰው ግን ክፍተቱን አልፈለገም፤ ጽሑፉንም አላነበበም። ሌሎቹን ጠርሙሶች ገፍቶ ከእባቦቹ መግቢያ ላይ አስቀመጠው። የድሮውን ቦታ በእጁ የሚያውቅ፣ አዲሱን ግን ያልሰማ ሰው ነው። ቀለበታሞቹ ሲዛወሩ ያልነበረ።»

«ሌላ ሰው ሆን ብሎ እዚያ አድርጎት ቢሆንስ?» አለ ዶክተሩ። ፕሮፌሰሩን ሊያይ አልደፈረም። «እኔም የድሮውን ቦታ አውቀዋለሁ እኮ።»

«እኔም አስቤበታለሁ። ለዚህ ነው ሁለተኛ ነገር የፈለግሁት። በምሳ ሰዓት የተገኘውን ቁጥር ደብተሯ ላይ አየሁት እንጂ ለማንም አልነገርኩም። እርስዎ ራስዎ ጠየቁኝ። ፕሮፌሰር ግን ነገሩኝ። ያተሙት ሁለት መቶ ሃያ ስድስት ነው፤ አሮጌውን መጽሔት አላዩትም። ሁለት መቶ አሥራ አራትን ከሷ አፍ ካልሆነ ከየት ይሰማሉ?»

ፕሮፌሰሩ ለመከራከር አልሞከሩም። ፊታቸው ላይ የነበረው እንደ እፎይታ ያለ ነገር ነው።

«ልጄን በቀበርኩ በአሥረኛው ቀን ነው የቆጠርኩት» አሉ። «እንባ እየጋረደኝ። ስቼ ይሆናል ብዬ በየዓመቱ እጠረጥር ነበር፤ አንድም ቀን ደግሜ አልቆጠርኩም። ዛሬ ማጉያውን ከግንባሯ ልትፈታ እጇን አነሳች፤ ‹እባክዎ ራስዎ ይዩት› ብላ ልትሰጠኝ። አልመታኋትም። አላይም ብዬ ገፋኋት። ያ የተረገመ ስሚንቶ…»

«ሐኪም አልጠሩም» አለች ኢንስፔክተሯ።

«አልጠራሁም። ጠርሙሱን ነው የያዝኩት።»

ዶክተሩ ጥግ ላይ ቁጭ አለ። «አንድ ቀን ስጠኝ ብላ ለምናኝ ነበር። ‹በወረቀት ከሚያነቡት ከአፌ ይስሙ› ብላ። እኔ ደግሞ ዛሬውኑ ንገሪያቸው ብዬ ጮኽኩባት።»

ኢንስፔክተሯ ተነሳች። ፕሮፌሰሩም በወንበሩ ክንድ ተደግፈው ተነሱ፤ ከበሩ ሲደርሱ ግን ወደ ዶክተሩ ዞሩ።

«ጽሑፉን ትልከዋለህ?»

«መላክ አለብኝ፣ ፕሮፌሰር። ተቆጥሯል።»

«እንግዲያው ስሟ ጠፋ።»

እህቲቱ ቀና አለች። ዓይኗ ደርቋል።

«አይጠፋም» አለች። «የወደቀ ስም አይፋቅም። ከጸናው ስም ሥር በትንሹ ይጻፋል፤ ከነዓመተ ምሕረቱ፣ ሁልጊዜ። እዚህ ቤት ሥራ ስጀምር እህቴ መጀመሪያ ያስተማረችኝ ይህን ነው። እርስዎ ነዎት ያስተማሯት።»

ፕሮፌሰሩ የበሩን መቃን ያዙ። «ማነው የሚጽፈው?»

«ሌላ ማን አለ?» አለች። «እኔ ነኛ።»