የአራተኛው ቀረጻ ሻሽ

ጂላን ዋህዳን የሞተችው ወደ የትም በማያደርስ ደረጃ ሥር ነው። ደረጃው አሥራ አራት የእንጨት እርከኖች አሉት፤ ከላይ ግን አንዲት ጠባብ ሳንቃ ብቻ ትጠብቃለች። ከሳንቃዋ ወዲያ የስቱዲዮው ባዶ ግድግዳ ነው። በቴሌቪዥን ሲታይ የኢምባባ ሰፈር ድሆች የሚወጡበትና የሚወርዱበት የቤት ደረጃ ይመስላል።

በማዕረጉ ሙቀደም የሆነው የወንጀል መርማሪ ዋጊህ ቀንዲል ከባድ ገላውን በጉልበቱ ላይ አሳርፎ አስከሬኑን ለረጅም ጊዜ ተመለከተ። ፊቱን ያውቀዋል፤ በካይሮ የማያውቀው ማን አለ? በሃያ ዓመቷ ሞዴል ሆና፣ የሙሽራ ቀሚስ ለብሳ በየግድግዳው ተለጥፋ ነበር። የመጀመሪያ ፊልሟ በወጣ ጊዜ ከኋላ ወንበር ሆነው «ተራመጂልን እንጂ አትናገሪ!» እያሉ ካፏጩት ወጣቶች አንዱ እርሱ ነበር። ያንን ፉጨት ዝም ለማሰኘት ሃያ አንድ ዓመት ለፋች። አሁን ሰዕዲያ የምትባል ልብስ ተኳሽ ሆና ትጫወት ነበር፤ ቀረጻውን ያዩ ሁሉ «ዘንድሮ ማንም አይስቅባትም» ብለዋል።

ስልኩ ጮኸ፤ አለቃው ናቸው።

«ዋጊህ፣ ጋዜጠኞች በሩን ሞልተውታል። ጂላንን የምታለብሳት አልባሿ እጇ ደም በደም ነው፤ ጠዋትም ተጣልተዋል አሉ። ከከሰዓት በኋላው ጸሎት፣ ከአስር ሰላት በፊት ይዘሃት ና!»

«አስከሬን ያቀፈ ሰው እጁ መድማቱ አይቀርም፣ ጌታዬ።»

«ከአስር ሰላት በፊት አልኩህ!»

ዋጊህ ስልኩን ኪሱ ከቶ እንደገና ጎንበስ አለ። ሟቿ ጥቁር ጀላቢያ ለብሳለች። ሻሿ ከግራ ጆሮዋ በላይ ጥብቅ ብሎ ታስሯል። የግራ እጅጌዋ ሁለት ጊዜ ተጠቅልሎ ከክርኗ በላይ ወጥቷል፤ የቀኙ እስከ አንጓዋ ወርዷል። ጣቱን ወደ ሻሹ ውስጥ ሰደደው፤ ፀጉሯ በደም ርሷል። የሻሹ ውጭ ግን ንጹሕ ለማለት ጥቂት ነው የቀረው። በሦስተኛው እርከን ጠርዝ ላይ ደም አለ፤ በደሙም ላይ ሦስት ረጃጅም የፀጉር ዘለላዎች ተጣብቀዋል። ከእነዚያ ዘለላዎች ላይ ዓይኑን ማንሳት አቃተው።

አልባሿ ኡም ሪዝቅ ስልሳ ዓመት ያለፋት ሴት ናት። ወንበር ቢሰጧት መሬት ላይ ነው የተቀመጠችው።

«ጠዋት ለምን ጮኹባት?» አላት።

«ምሳ አልበላም ስላለች ነዋ፣ ባሻ! ሞዴል ሳለች ልብሱ እንዳይጠባት በቀን አንድ ፖም ነበር ምግቧ። ‹ዛሬ ልብስ ተኳሽ ነሽ፤ ልብስ ተኳሽ ደግሞ ፉል ትበላለች› አልኳት። ጮኸችብኝ፤ ጮህኩባት፤ ከዚያ ሳቀች።»

«ሻሹን እርስዎ ነዎት ያሰሩላት?»

«ጠዋት፣ ማጅራቷ ላይ። ራሷ ለብሳ አታውቅም፤ የሞዴልነት ልማድ ነው፤ እጆቿን ዘርግታ ትቆማለች፣ እኔ አለብሳታለሁ። ቀረጻው ሳይጀመር ለሚቀጥለው ትዕይንት ቢጫ ቀሚሷን ላመጣ ልብስ ክፍል ሄድኩ። ተኩሼ ስመለስ ከደረጃው ሥር ወድቃ... አቀፍኳት።»

«ጠላት ነበራት?»

«ጠላቷ ምላሷ ነበር። ክፉውን ወሬ አስቀድማ ሰው ታስደነግጣለች፤ ደጉን ኋላ ታመጣና ትስቃለች። ዓይኔን ልታሳክመኝ ባለች ጊዜ ‹ኡም ሪዝቅ፣ ከእንግዲህ ከእኔ ጋር አትሠሪም› አለችኝ። ልቤ ቀጥ ልትል! ቆይታ ‹ዓይንሽ እስኪድን አንድ ወር› ብላ በሳቅ ፈነዳች። አሁን እኔን ገዳይ ልትሉኝ... እኔን!»

ሽማግሌው የሻይ ሰው አም አብዱ ቀጠለ።

«ቀረጻው እንዳለቀ ሻይ ሰጠኋት። አራት ስኳር ሳደርግበት አይታ ‹አም አብዱ፣ ልትገድለኝ ነው?› አለች፤ አላህ ይማራት። ሙቀቱ ከብዷት ሻሹን ትከሻዋ ላይ ጥላዋለች። ሁለቱንም እጅጌዋን ጠቅልላለች። ወደዚያ ደረጃ ወጣች፤ በእረፍት ሰዓት ቦታዋ እዚያ ነው። እኔም ለሠራተኞቹ ሻይ ላድል ወደ ግቢ ወጣሁ።»

ተዋናዩ ናድር ጉራብ ግን ሳይጠየቅ ነው የፈሰሰው። «ስሟ ከስሜ ፊት ይጻፍ አለች! እኔ በመድረክ ያረጀሁት ሰውዬ!»

«ስለዚህ ገደሏት?»

«ባሻ፣ በዚህ አገር በስም ቅደም ተከተል ሰው የሚገደል ቢሆን አንድ ተዋናይ አይተርፍም ነበር። ግቢ ውስጥ ኮሸሪዬን እየበላሁ ነበር፤ ሠላሳ ሰው አይቶኛል።»

ዳይሬክተሩ ባህጋት ሳቢትም በዚያው ግቢ በስልክ ሲጮህ ሠላሳው ሰው ሰምቶታል። ጠዋት ከጂላን ጋር ስለ ምን እንደተጨቃጨቀ ሲጠየቅ ግን «የሥራ ጉዳይ» ብሎ ከንፈሩን ገጠመ።

የመጨረሻዋ ሳፊናዝ ሃኒም ናት፤ ረዳት ዳይሬክተር። ሥራዋ ከአንዱ ቀረጻ ወደ ሌላው ልብሱ፣ ፀጉሩ፣ የብርጭቆው ቦታ ሳይቀር እንዳይዛነፍ መዝግቦ መጠበቅ ነው።

«ስክሪኑ ካለበት ክፍል ሆኜ ወረቀቴን እጽፍ ነበር፤ ብቻዬን» አለች። «አስከሬኗን አላየሁም። ደም አልችልም።»

ይህን ስትናገር ዋጊህ ጠጥቶ ያስቀመጠውን የሻይ ብርጭቆ በሁለት ጣቶቿ ገፋ አድርጋ፣ ጠረጴዛው ላይ ወደ ነበረው እርጥብ ክብ መለሰችው። ያደረገችውን እርሷ አላስተዋለችውም።

ዋጊህ ግን አስተዋለ። ወረቀቷን ተቀብሎ፣ አንዱ ትዕይንት በዕለቱ የተቀረጸባቸውን አምስቱን ቀረጻዎች በስክሪኑ ተራ በተራ ተመለከተ። አንዲት ልብስ ተኳሽ የልጇን ሞት ትሰማለች፤ ካውያው እንደጋለ ከእጇ አይወርድም። ያኔ በሲኒማ አዳራሹ ያፏጨው ልጅ ትዝ አለውና ክፍሉ ውስጥ ብቻውን በመሆኑ ደስ አለው።

የአስር ሰላት ጥሪ ሊሰማ ጥቂት ሲቀር ሁሉንም ከደረጃው ፊት ሰበሰባቸው።

«ጂላን ወድቃ ራሷን ስትመታ ሻሽ አልነበራትም» ሲል ጀመረ። «ቢኖራት ኖሮ ፀጉሯ እርከኑ ላይ ባልተጣበቀ፤ የሻሹም ውጭ በደም በራሰ ነበር። ስለዚህ ሻሹ የታሰረላት ከወደቀች በኋላ ነው። የሞተ ሰው ደግሞ ሻሽ አያስርም።»

«አልባሿ ነቻ!» አለ ናድር። «ማን ያስራል ሌላ?»

«ኡም ሪዝቅ ማጅራት ላይ ነው የምታስረው። ይህ ከግራ ጆሮ በላይ ነው። አምስቱንም ቀረጻ አየሁ። በአራተኛው ብቻ ስታለቅስ ሻሹ ተንሸራቶባት ራሷ ከግራ ጆሮዋ በላይ አሰረችው፤ የቀኝ እጅጌዋም ወረደ። በአምስተኛው ሁሉም ወደ ቦታው ተመልሶ ነበር፤ ከቀረጻውም ሁለቱም እጅጌዋ ተጠቅልሎ፣ ሻሹን ትከሻዋ ላይ ጥላ ነው የወጣችው፤ አም አብዱ አይቷታል። አስከሬኗ ግን አራተኛውን ቀረጻ ለብሷል። ኡም ሪዝቅ ያኔ ልብስ ክፍል ነበረች፤ አንዱንም አላየችም። ኡስታዝ ባህጋት፣ በመጨረሻ የመረጡት ስንተኛውን ነው?»

«አራተኛውን» አለ ዳይሬክተሩ ግራ ተጋብቶ። «ጂላን ከወጣች በኋላ ነው የወሰንኩት።»

«ለማን ነገሩት?»

«ለ... ለሳፊናዝ ብቻ። መዝግቢው አልኳት።»

«በአራተኛው የተጠቀለለው የትኛው እጅጌ ነበር?»

«እጅጌ? ዓይኗን እኮ ነው ያየሁት!»

ዋጊህ ወረቀቱን ዘረጋ። «እዚህ ግን ተጽፏል። ‹ቋጠሮ ከግራ ጆሮ በላይ። ግራ እጅጌ፣ ሁለት ጥቅልል። ቀኝ እስከ አንጓ።› ሳፊናዝ ሃኒም፣ ምንም ለመሸፈን ብለው አይመስለኝም። ወድቃ ሲያዩአት ተዛንፋ ነበር። እጅዎ የተዛነፈ ነገር ትቶ ማለፍ አያውቅም፤ ቅድም ብርጭቆዬን እንኳ አላለፈውም።»

ሳፊናዝ ወደ እጆቿ ተመለከተች።

«አራት ዓመት ትወና ተምሬያለሁ» አለች በመጨረሻ። «እሷ ስትመጣ ‹እወድሃለሁ› የምትለውን ቃል እንኳ መናገር አትችልም ነበር። መተንፈስ ያስተማርኳት እኔ ነኝ። ጣሪያችን ላይ፣ ሁለት ዓመት ሙሉ! የሰዕዲያን እህት አንቺ ነሽ የምትጫወቻት ብላኝ ነበር። ደረጃው ላይ ጠየቅኳት። ‹ሚናውን ለሻምፖ ማስታወቂያዋ ልጅ ሰጥተውታል› አለችኝ። እየሳቀች! ፊቴ ላይ እየሳቀች! ገፋኋት... ለምን ሳቀች?»

ባህጋት ፊቱን በሁለት እጁ ሸፈነ።

«ጠዋት የተጨቃጨቅነው በዚህ ነበር» አለ። «ለሻምፖዋ ልጅ ሰጥቼው ነበር፤ እውነት ነው። ጂላን ‹ሳፊናዝ ካልተጫወተች ነገ አልመጣም፤ ስሜንም ከናድር በታች ጻፈው› አለችኝ። ከቀረጻው በኋላ እሺ አልኳት። ‹እኔ ራሴ ልንገራት› ብላ ሮጣ ወጣች።»

ኡም ሪዝቅ ከመሬት ቀና አለች።

«ክፉውን አስቀድማልሽ ነበር፣ ልጄ» አለቻት ቀስ ብላ። «ደጉ ገና እየመጣ ነበር።»

ከሳፊናዝ የወጣው ድምፅ ከአምስቱ ቀረጻዎች በአንዱም ያልተሰማ ዓይነት ነበር። ሁለት ፖሊሶች ደግፈው አወጧት። የአስር ሰላት ጥሪ ከውጭ ተሰማ፤ የዋጊህ ስልክም ኪሱ ውስጥ መጮህ ጀመረ። አላነሳውም።

«ባሻ» አለችው ኡም ሪዝቅ፣ «አሁን ሻሹን ልፍታላት? ማጅራቷ ላይ ነው የምትወደው።»

ማስረጃ እንደማይነካ ያውቃል። ድምፁ እንዳይሰበርበት ተጠንቅቆ «ፎቶ አንሺው እስኪጨርስ ጥቂት ይታገሱ፣ እናቴ» አላት፤ ራሱም መሬቱ ላይ፣ አጠገቧ ተቀምጦ አብሯት ጠበቀ።