ያልተፀነሰው ልጅ ለቅሶ

«እግዚአብሔር ያጽናሽ በዙዬ። ምትኩን ይስጥሽ» አሉ እትዬ አልጋነሽ፣ ነጠላቸውን አዘቅዝቀው እንደለበሱ አልጋው አጠገብ ካለው ወንበር ላይ እየተቀመጡ።

ሃሌሉያ አብርሆትን አቅፋ፣ የበእምነትን እጅ ይዛ መኝታ ቤቱ በር ላይ ቆማ ነበር። መንታ ታናናሾቿ እናታቸው ላይ ለመውጣት ሲታገሉ የምትይዛቸው እሷ ናት። እናቷ በዛወርቅ ሆዷ ላይ ቀዶ ጥገና ተደርጎላት ከጅማ ከተመለሰች ገና ሳምንቷ ነው።

«የምን ምትክ?» አለች እናቷ።

እትዬ አልጋነሽ አብረዋቸው የመጡትን ሁለት የማኅበር ሴቶች ዞር ብለው አዩ። «የሕፃኑን ነዋ። የጠፋውን። ባልሽ ወልደ ጊዮርጊስ መሥሪያ ቤት ተናግሮ ሰማን።»

 በዛወርቅ ትራሱን ሆዷ ላይ ጫን አድርጋ ይዛ፣ ጠፋ የሚባል ሕፃን እንደሌለ፣ ጭራሽም እርጉዝ እንዳልነበረች ነገረቻቸው። መንታዎቹን ስትወልድ የሆዷ ጡንቻ መሐል ለመሐል ተላቆ እንደቀረ፣ ጅማም የሄደችው እሱኑ ለማሰፋት እንደሆነ አስረዳች። ሴቶቹ አንገታቸውን ደፍተው ሰሙ። አንደኛዋ ለጎረቤቷ በካፍኛ አንሾካሾከች። ሃሌሉያ ሰማቻት፤ «አሁን በቀደም ገበያ ላይ በሰላም ያገላግልሽ ስላት አሜን ብላኝ የለም?» ነበር ያለችው።

እውነት ነው፣ ብላ ነበር። በዛወርቅ ቦንጋ ገበያ ኮረሪማና ማር ትሸጣለች። መንታዎቹ ዓመት አልፏቸውም ሆዷ እንደ እርጉዝ ሆድ ወደፊት ተገፍቶ ቀረ። ከተኛችበት ቀና ስትል መሐሉ እንደ ሸንተረር ብቅ ይላል። ወገቧን ያማታል፣ ጀሪካን ማንሳት አትችልም። የቦንጋው ሐኪም መጀመሪያ ስፖርት አዞላት፣ በሩን ዘግታ መሬት ላይ እየተኛች ለወራት ሠራች። ዘንድሮ ግን አንጀቷ በእምብርቷ በኩል እየገፋ እብጠት ሲጨምርበት፣ ከመስፋት በቀር መፍትሔ የለውም ተባለች። ያን ሁሉ ጊዜ የባጃጅ ሾፌሩ «ለነፍሰ ጡሯ ቦታ ልቀቁ» ይላል፤ ደንበኞቿ «ማርያም ትቅረብሽ» ይሏታል። መጀመሪያ ሰሞን ታስረዳ ነበር። ኋላ ደከማትና ለሁሉም አሜን ማለት ጀመረች። ሃሌሉያ ይህን አሜን አትወደውም ነበር፤ ግን እሷም ከጓደኞቿ ጋር ሆና እናቷን መንገድ ላይ ስታይ መንገድ ቀይራ ታውቃለች።

ሴቶቹ ያመጡትን ዳቦ ጠረጴዛ ላይ ትተው ሄዱ። በዛወርቅ ፊቷን ወደ ግድግዳው አዙራ እስኪመሽ ተኛች።

የሃሌሉያ አባት ወልደ ጊዮርጊስ ማታ ሲገባ ግን ገና ጫማውን ሳያወልቅ በዛወርቅ ጠየቀችው።

«ያልፀነስኩትን ልጅ ለምን ገደልክብኝ?»

እሱ ጎንበስ ብሎ የጫማውን ክር መፍታት ጀመረ። ሃሌሉያ የምታውቀው አባቷ ክፉ ሰው አይደለም። ጅማ ሆስፒታል ከእናቷ አልጋ ሥር ካርቶን አንጥፎ ነው የሰነበተው፤ የመንታዎቹን ጨርቅም ያጥባል፣ ሰው እንዳያየው ጓዳ ገብቶ ቢሆንም። ኋላ ሳሎን ውስጥ ለሃሌሉያ ቀስ ብሎ ነገራት። ፈቃድ ሲጠይቅ አለቃው ጋሽ ከፈለኝ፣ ባለቤትህ ልትወልድ ነው ወይ አሉት። አይደለም ማለት ከበደው። ሳትሞት፣ ምጥ ሳይዛት፣ ሆዷን ልታሰፋ ነው ቢል የቢሮው ሰው ለቁንጅና ነው ብሎ መሳቂያ እንደሚያደርገው ታየው። ፅንሱ ተበላሽቷል አለ። ከዚያ በኋላ ሰው ሁሉ ትከሻውን እየያዘ ሲያጽናናው ቃሉን የሚያነሳበት ቀን ጠፋ።

ሃሌሉያ ሰኞ ትምህርት ቤት ስትሄድ ነገሩ ቀድሟት ደርሶ ነበር። ኤሊ የአንድ ለአምስት ቡድኗ ልጅና የቅርብ ጓደኛዋ ናት፤ በእረፍት ሰዓት ከክፍሉ ጀርባ ወሰደቻት።

«አትናደጂብኝ እሺ? ወሬው ጦፏል» አለች። «አባትሽ ሕፃኑ ሞተ ብሏል፣ እናትሽ ደግሞ አልነበረም ብላ ክዳለች። እና... አስወርዳ ነው የምትክደው እያሉ ነው። እትዬ አልጋነሽ ከማኅበሩ እናስወጣት ብለዋል አሉ።»

«አንቺስ ምን አልሻቸው? እውነቱን ነግሬሽ የለ እንዴ?»

ኤሊ በጫማዋ ጫፍ አፈሩን ቆፈረች። «ምን ልበል? እናቴ እዚያው ማኅበር ናት። ዝም አልኩ።»

 ሃሌሉያ የቀረውን ክፍለ ጊዜ ኤሊ ካለችበት ዴስክ ተነስታ የመጨረሻው ረድፍ ላይ ብቻዋን ተቀመጠች።

ቤት ስትደርስ እናቷ ሐኪሙ እንዳስተማራት በጎኗ ተንከባላ፣ በክንዷ ተደግፋ ከአልጋ ወርዳ ነበር። የቁም ሣጥኑ መስታወት ፊት ለፊት ቆማለች። ከቀዶ ጥገናው በኋላ የታሰረላት ሰፊ ቀበቶ ከላይዋ ነው፤ ከሥሩ ሆዷ ልጥፍ ብሏል። ሃሌሉያ በሩ ላይ መቆሟን ስታይ ጋቢውን ስባ ደረበች።

«እማዬ፣ ደስ አይልሽም?»

«በፊት ትልቅነቱን ስደብቅ ኖርኩ» አለች እናቷ። «አሁን ደግሞ መጥፋቱን ልደብቅ ነው።»

ሃሌሉያ ከኤሊ የሰማችውን ልትነግራት ፈለገች። ነገር ግን እናቷ ራሷ፣ በግድግዳው በኩል የጎረቤት ሴቶች ሲያወሩ ሁሉንም እንደሰማች ተናገረች። ስትናገር ድምጿ ከፍ አላለም። በካፍኛ የተናገሩትን እንኳ አንድም ሳታስቀር ደገመችላት፤ ከዚያ በእምነት ውሃ ጠጥቶ እንደሆን ጠየቀች።

የዚያን ዕለት ማታ አባቷ ደጅ ጠራት።

«ነገ ከሥራ በኋላ የቢሮ ሰዎች ሊጠይቁ ይመጣሉ። በሩን አንቺ ክፈቺ። እናትሽ ተኝታለች በያቸው፤ ሳሎን ትንሽ ተቀምጠው ይሄዳሉ።»

«ካልተኛችስ?»

«መድኃኒቱ ያስቀባዥራታል እላለሁ። ለነ አልጋነሽም እርጉዝ አልነበርኩም ያለችው በመድኃኒቱ ስትቀባዥር ነው ይባላል። አንቺም ብትጠየቂ እንደዚያው በይ። እንደዚህ ከሆነ የሚያዝንላት እንጂ የሚያማት አይኖርም፣ ገባሽ?»

ገብቷት ነበር፤ ያስፈራትም ይኸው ነው። ያለቀሰችን እናት ማንም አይጠላም። እትዬ አልጋነሽ ይታረቃሉ፣ እሷም ወደ ኤሊ ዴስክ ትመለሳለች፣ ወሬው በአንድ ሳምንት ይበርዳል። ለዚህ ሁሉ የሚፈለገው እናቷ ስትቀባዥር የነበረች መሆኗ ብቻ ነው።

በማግስቱ አስራ አንድ ሰዓት ካለፈ በኋላ በሩ ተንኳኳ። ሃሌሉያ ከመክፈቷ በፊት ወደ መኝታ ቤቱ አየች። እናቷ ፀጉሯን ተጎንጉና፣ ጀርባዋን በትራስ ደግፋ አልጋው ላይ ተቀምጣለች። ጋቢው እግሯ ላይ ብቻ ነው። ዓይኗን በሩ ላይ ተክላ የመጣውን ሰው ትጠብቅ ነበር።

ደጅ ላይ ጋሽ ከፈለኝ ባርኔጣቸውን አውልቀው ይዘዋል። ከኋላቸው አራት የቢሮ ሰዎች ሐዘን ላይ እንደሚደረገው ድምፃቸውን አጥፍተው ቆመዋል። አባቷ ከሁሉም መጨረሻ፣ በአጥሩ በኩል ነው። በሰዎቹ ትከሻ መሐል አየችው። ፊቱ ገርጥቷል፤ ዓይኑ ይለምናታል። እንዲህ ሆኖ አይታው አታውቅም፣ አሳዘናት።

«እንደምን ዋልሽ ልጄ» አሉ ጋሽ ከፈለኝ። «እናትሽ እንዴት ናት? ተኝታ ይሆን? ተኝታ ከሆነ አንረብሻት።»

ሃሌሉያ አብርሆትን ከአንዱ ጎኗ ወደ ሌላው አዛወረቻት።

«አልተኛችም» አለች፣ አባቷን እያየች። «ግቡ፤ መኝታ ቤት ናት።»

ከበሩም ዞር አለችላቸው።